የድመት እንቅልፍ

የልጅ ልጄ አምስት ዓመት ሊሞላት ጥቂት ወራት ቀርተዋት ነበር። ባለፈው ክረምት ከእናቷ ጋር ከቢቸና ወደ ሞጣ መጥታ እኔ ዘንድ ከረመች። ማታ እራት እንደተበላ እግሬ ሥር ትቀመጥና «እምዬ፣ ተረት!» ትለኛለች። ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ሥራዬ ይኸው ሆኗል፤ ጠዋት ጓሮ፣ ከሰዓት ቡና፣ ማታ ተረት።

አንድ ማታ እናቴ ትነግረኝ የነበረውን የመነኮሰችውን ድመት ተረት አወጋኋት። አብዛኞቻችሁ ታውቁታላችሁ። ድመት አረጀች፣ ጥርሷም ደከመ። «ከእንግዲህ ሥጋ አልቀምስም፤ መንኩሻለሁ» ብላ አስወራች። አይጦቹ ተሰብስበው ተማከሩና እንኳን ደስ ያለሽ ሊሏት ተሰልፈው ሄዱ። እሷ ምድጃው ዳር ቆቧን ደፍታ፣ ዓይኗን ጨፍና፣ ዳዊት የምትደግም መስላ ተጋድማለች። አይጦቹ እየተሳለሙ ሲያልፉ ፊተኞቹን ታሳልፍና የመጨረሻውን ቀጨም ታደርጋለች። ቤታቸው ገብተው ሲቆጠሩ በየቀኑ አንድ ይጎድላል። «ድመት መንኩሳ አመሏን አትረሳ» የተባለው በዚህ ነው ብዬ፣ ተረቴን መልሱ አፌን በዳቦ አብሱ አልሁና ልጅቷን አስተኛኋት።

አልተኛችም። እኩለ ሌሊት ገደማ ስነቃ አልጋዋ ላይ ቁጭ ብላለች። እግሯ ሥር የእኛዋ ድመት ተጠቅልላ ተኝታለች፤ ልጅቷ ዓይኗን ከድመቷ ላይ አልነቀለችም።

«ምነው ልጄ?»

«እምዬ፣ እውነት ተኝታ ነው ወይስ አስመስላ ነው?»

ለሌላ ልጅ ቢሆን ስቄ አልፈው ነበር። ይህች ልጅ ግን እንቅልፏ የተነካባት ልጅ ናት። ከ2015 ዓ.ም መጨረሻ ወዲህ በአካባቢያችን ሌሊቱ እንደ ድሮው ጸጥ የማይልበት ጊዜ እንደነበረ የምታውቁ ታውቃላችሁ። ዝርዝሩ የዚህ ገጽ ጉዳይ ስላልሆነ እተወዋለሁ። የእኔ ጉዳይ በር ሲንኳኳ የምትባንን፣ ቆርቆሮ ላይ ዝናብ ሲወርድ እናቷ ላይ የምትለጠፍ አንዲት ሕፃን ናት። ለእሷ የመጣልኝን ተረት አውርቼ፣ ዓይኑን ጨፍኖ የተጋደመ ሁሉ አይታመንም ብዬ አስተማርኋት። ከዚያ ወዲያ ድመቷ ካልወጣች አልተኛም አለች። ድመቷ በር ላይ ስትጮኽ እሷ ውስጥ ስታለቅስ ሦስት ሌሊት አለፈ።

እኔ ወደ ሠላሳ አምስት ዓመት በነርስነት አገልግያለሁ። መድኃኒት የሰጠሁት ሰው ቢብስበት መጀመሪያ የምመረምረው የሰጠሁትን መድኃኒት ነው። እንግዲህ ተረቴን መመርመር ጀመርሁ።

ተረቱ የመጣው ከቢቸና ቤታችን ነው። ቢቸና የጤፍ አገር ናት። ጤፍ ባለበት አይጥ አለ፤ አይጥ ባለበት ድመት ግድ ነው። እህላችን ከጭቃና ከጭድ በተሠራ ጎታ ውስጥ ይቀመጥ ነበር። ጎታው በአንድ ጎኑ ከተሰነጠቀ ነገሩ አለቀ፤ አይጥ በአንድ ክረምት የሚያደርሰውን ጥፋት ገበሬ የሆነ ያውቀዋል፤ ከበላው ይልቅ ያበላሸው ይበልጣል። ስለዚህ ድመት በቤታችን እንደ ጌጥ ሳይሆን እንደ በሬ ነበር የምትታየው። አባቴ እንዲያውም ዝንጉርጉሯን ድመታችንን «ቡሬ» ብሎ የበሬ ስም አወጣላት። ከእሷ በኋላ የመጡት ድመቶች ሁሉ፣ ጥቁርም ሆነ ነጭ፣ ስማቸው ቡሬ ሆኖ ቀረ። አሁን ሞጣ ቤቴ ያለችው አመድማ ድመት ስንተኛዋ ቡሬ እንደሆነች መቁጠር ትቻለሁ።

ቡሬ ደሞዟ ትንሽ ነበር። ላም ሲታለብ ጠብ የምትለው ወተት፣ ከማዕድ የተረፈ ፍርፋሪ፤ ሌላውን ራሷ ትፈልግ ነበር። ብዙ ብትበላ አይጥ አትይዝም ይባል ነበርና። አንድ መብት ግን ነበራት። ቀን ምድጃው ዳር ስትተኛ ማንም አይነካትም። እኛ ልጆች ጭራዋን ልንስብ ስንጠጋ እናቴ «ተዋት! ሌት ስትጠብቅ ያደረች ናት» ትለናለች። ስታንኮራፋ የሚሰማውን ኹርርታ እናቴ «ዳዊት እየደገመች ነው» ትል ነበር። ያቺው እናቴ ማታ ያንኑ ኹርርታ የተንኮል ዳዊት አድርጋ ትተርተዋለች።

ይህን ሳስበው ገረመኝ። በተረታችን ድመት አንድም ቀን የእውነት አትተኛም። ከተኛች ልትበላ ነው። በምሳሌያችንም ቢሆን «አይጥ ለሞቷ የድመት አፍንጫ ታሸታለች» ነው የምንለው፤ የድመት አፍንጫ የሚሸተተው ድመት ስትተኛ፣ ወይም ተኛች ተብላ ስትታሰብ ነው። ተረቶቹን ያወጉልን ሰዎች ድመት በቤታቸው ያለች፣ ለእሷም የሚሳሱ ሰዎች ነበሩ። ሲተርቱ ግን ከአይጧ ጎን ቆመው ነው። ለምን ቢባል፣ ተረቱ ስለ ድመት አይደለም። ልብሱን የለወጠ ሁሉ ልቡን ለውጧል ብለህ አትሸወድ የሚል የትልቅ ሰው ምክር ነው። ገበያ ለሚወጣ፣ ፍርድ ቤት ለሚቆም፣ ሹም ደጅ ለሚጠና ሰው ይጠቅማል። አምስት ዓመት ላልሞላት፣ ሌሊት ለምትባንን ልጅ ግን ያለ ዕድሜዋ የተሰጠ መድኃኒት ነው። የመድኃኒት መጠን በዕድሜና በክብደት እንደሚለካ ስንት ዓመት ለወላጆች ስነግር ኖሬ፣ ተረትም መጠን እንዳለው ያወቅሁት አሁን ነው።

በአራተኛው ቀን ትልቋ ልጄ ከካናዳ በሰው እጅ የላከችው ካርቶን ደረሰ። ጥቂት ልብስ፣ የእኔ የደም ግፊት መለኪያ፣ የቀረው የልጆች መጽሐፍ ነው። መጻሕፍቱ በእንግሊዝኛ ናቸው። የእኔ እንግሊዝኛ የካርድ እንግሊዝኛ ነው፤ ትኩሳት፣ ሳል፣ ማስመለስ፣ «በሽተኛው በደህና አድሯል»። ቢሆንም ሥዕል ማንበብ እችላለሁና ከልጅቷ ጋር ገለጥን።

በየመጽሐፉ ድመት አለች። በየመጽሐፉም ተኝታለች። በአንዱ መስኮት ላይ ፀሐይ እየሞቀች ትተኛለች፤ በሌላው የአያት ሶፋ ላይ፣ ክር ኳሷን ታቅፋ፤ በሌላው የመጻሕፍት መደብር ጠረጴዛ ላይ፣ ሰው እየገዛ እየወጣ እሷ አትነቃም። ማንም አያባርራትም፣ እሷም ማንንም አትበላም። ልጅቷ ሁለት መጽሐፍ ዝም ብላ አየችና በሦስተኛው ጣቷን ሥዕሉ ላይ አድርጋ «ይህቺስ?» አለች። ምን ልትል እንደፈለገች ገባኝ። «ይህቺ እውነቷን ነው» አልኋት። «በምን አወቅሽ?» ስትለኝ መልስ አጣሁ።

ማታ ለልጄ ደወልሁ። የሰዓቱ ልዩነት ስላለ እኛ ዘንድ ሲመሽ እሷ ዘንድ ገና ቀን ነው፤ እሷም ከሥራ ገብታ ልትተኛ ስትል ነው የማገኛት። የአረጋውያን መንከባከቢያ ውስጥ በሌሊት ፈረቃ ትሠራለች። የእናት ሙያ ለልጅ ይተርፋል መሰለኝ።

«እማ፣ ድመት የማይተኛበት መጽሐፍ እዚህ አታገኚም» ብላ ሳቀችብኝ። የልጆች ብቻ አይደለም አለች። የትልልቅ ሰዎች የወንጀል ታሪክ ሆኖ ድመት ያለበት አንድ ዓይነት ልብ ወለድ አለ፤ ትንሽ ከተማ፣ ጎረቤት ከጎረቤት የሚተዋወቅበት ሰፈር፣ ሻይ፣ ኬክ፣ መጻሕፍት መደብር። ሰው ይሞታል፤ ደም ግን አይታይም። መርማሪው ፖሊስ ሳይሆን አንዲት ጡረተኛ ወይም አንድ ጋዜጠኛ ነው። ድመቷም በየምዕራፉ ትተኛለች።

ነገሩን ከዳር ያደረሱት ሊሊያን ጃክሰን ብራውን የሚባሉ አሜሪካዊት ጋዜጠኛ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1966 «ወደ ኋላ ማንበብ የቻለው ድመት» የሚል ትርጉም ያለው ልብ ወለድ አሳተሙ። ባለታሪኩ አንድ ጋዜጠኛና ኮኮ የሚባል የሲያም ዘር ድመት ናቸው። ሁለት መጽሐፍ በ1967 እና በ1968 አስከተሉ፤ ከዚያ ተከታታዩ ቆመና አራተኛው የወጣው በ1986 ነው። ልጄ «አሥራ ስምንት ዓመት እንደ ድመቱ ተኝቶ ነው የተነሣው» አለችኝ። ከተነሣ በኋላ ግን አልቆመም፤ ሴትዮዋ በ2011 በዘጠና ሰባት ዓመታቸው እስኪያርፉ ድረስ ሃያ ዘጠኝ መጽሐፍ ሆነ።

«እኔ ከሥራ ስገባ የማነበው ይህንኑ ነው» አለች ልጄ። «ገዳዩን ለማወቅ አይደለም። ብዙ ጊዜ ገዳዩ ሳይታወቅ እንቅልፍ ይወስደኛል። ድመቱ ሲተኛ እኔም እተኛለሁ።»

«ድመት ሲተኛ ምኑ ያስተኛል?» አልኋት። ዝም አለች። ከዚያ ስለራሴ ቤት እኔ የማላውቀውን ነገር ነገረችኝ። እዚያ ከመድረሴ በፊት ግን ያን ጊዜ ቤታችን እንዴት እንደነበረ ልንገራችሁ።

ነርስ ሆኜ ሞጣ ስመደብ ዲፕሎማዬ ገና ቀለሙ አልደረቀም ነበር። በዚያን ጊዜ ባለሙያው ጥቂት፣ በሽተኛው ብዙ ነው። አዳር ተረኛ የምሆንበት ሌሊት ከማልሆንበት አያንስም። ከገጠር በቃሬዛ የሚመጡ ወላዶች የሚደርሱት ሌሊት ነው፤ ምጡ ቀን ጀምሮ፣ መንገዱ ቀኑን በልቶ፣ እኛ ዘንድ ሲደርሱ እኩለ ሌሊት ይሆናል። ጠዋት ቤቴ የምገባው እግሬን እየጎተትሁ ነው። ልጆቼ በዚያ ሰዓት ነቅተዋል። እኔ ልተኛ ስል እነሱ ሊጫወቱ ነው። እናቴ ከቢቸና መጥታ አብራን ትኖር ስለነበር ታባብላቸዋለች። ተረቱንም የነገረቻቸው እሷ ናት። ያኔ ሞጣ ላይ ቴሌቪዥን ያለው ቤት በጣት የሚቆጠር ነው። አባባ ተስፋዬ ከ1957 ዓ.ም ጀምሮ ከአርባ ዓመት በላይ በቴሌቪዥን ለአገሩ ልጆች ተረት ሲተርቱ፣ የእኔ ልጆች አባባ ተስፋዬ የቢቸናዋ አያታቸው ነበረች። እኔ ለልጆቼ ተረት ተርቼ አላውቅም ብል ማጋነን አይሆንም። ማታ የለሁም፤ ቀን ተኝቻለሁ።

አንድ ቀን አለ፣ ሠላሳ ዓመት ሙሉ ያልወጣልኝ። ያን ሌሊት አንዲት ወላድ ደም ፈስሷት እስኪነጋ ስንታገል አድረናል። እናቲቱ ተርፋለች፤ ልጁ አልተረፈም። ቤት ገብቼ ገና ዓይኔ ሲከደን ትልቋ ልጄ፣ ያኔ ሰባት ዓመቷ ነው፣ የፈተና ካርዷን ይዛ እየሮጠች ገባች። ሁለተኛ ወጥታለች። እኔ ምን እንደያዘች እንኳን ሳላይ «ውጪልኝ!» ብዬ ጮኽሁባት። በሩን ቀስ ብላ ዘግታ ወጣች። ከሰዓት ስነሣ ካርዱ ወንበር ላይ ነበር። ስለዚያ ቀን እሷም አላነሣችም፣ እኔም አላነሣሁም።

እንግዲህ በስልክ «ድመት ሲተኛ ምኑ ያስተኛል?» ስላት ልጄ ዝም አለችና እንዲህ አለች።

«እማ፣ ከአዳር ስትመጪ ቡሬ የት እንደምትተኛ ታስታውሻለሽ?»

«የት ነበር?»

«እግርሽ ላይ። አንቺ በሌለሽበት ሌሊት ቤቱን ስትዞር ታድራለች፤ ጠዋት አንቺ ስትገቢ እሷም ትገባና እግርሽ ላይ ትጠቀለላለች። እኔ ከትምህርት ቤት ስመጣ በሩን ገርበብ አድርጌ አይ ነበር። ቡሬ አልጋው ላይ ከተኛች አንቺ አለሽ ማለት ነው። ከሌለች ተጠርተሽ ሄደሻል ማለት ነው።»

ያን ጊዜ አፌ ሳላስበው ተከፈተ። «ካርድሽን ይዘሽ የመጣሽ ቀን…» አልሁ።

«አስታውሳለሁ» አለች። አላስታውስም ትለኛለች ብዬ ነበር፤ እንዲያ ብትለኝ ይሻለኝ ነበር። «አልቅሻለሁ። እማማ ጓዳ ወስዳ ዳቦ ሰጠችኝ። ከዚያ ግን ተመልሼ ገባሁ እኮ። አንቺ አልነቃሽም። ቡሬ አንድ ዓይኗን ገልጣ አየችኝና መልሳ ጨፈነች። እኔም ከእሷ ጎን ተጋደምሁ። ካርዱን ወንበሩ ላይ ያስቀመጥሁት ያኔ ነው።»

ከዚያ ሁለታችንም የአየሩን ሁኔታ አወራን። እናትና ልጅ እንዲህ ነው፤ ትልቁን ነገር ከተናገሩ በኋላ ስለ ዝናብ ያወራሉ።

ያን ሌሊት እኔም አልተኛሁም። ቡሬ በር ላይ አልጮኸችም፤ ሳሎን ገብታ ምንጣፍ ላይ ተኝታለች። ቁጭ ብዬ አየኋት። በነርስ ዓይን አየኋት ማለት ይሻላል፣ ተኝቶ ያለን በሽተኛ እንደማይ። ትንፋሿ ዝግ ያለ ነው። ሰውነቷ ሁሉ ልቅ ብሏል። ጆሮዋ ግን አልተኛም። ጓዳ ውስጥ አንድ ነገር ኮሽ ሲል ቀኝ ጆሮዋ ብቻውን ወደ ጓዳ ዞረ። ውጪ ውሻ ሲጮኽ ግራው ወደ በር ዞረ። አልነቃችም፤ አላንቀላፋችምም።

ስለ እንቅልፍ ከተማርነው ነገር ከድመት የተገኘ እንዳለበት በዚህ አጋጣሚ ልንገራችሁ። ፈረንሳዊው ሐኪም ሚሼል ዡቬ እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ መጨረሻ ሊዮን ከተማ ውስጥ ድመቶችን ሲያጠኑ፣ በእንቅልፍ መሐል አንጎላቸው እንደነቃ ሆኖ የሚሠራበት፣ ጡንቻቸው ግን ሙሉ በሙሉ የሚዝልበት ጊዜ እንዳለ አገኙ። ሕልም በብዛት የሚታይበት የእንቅልፍ ክፍል ይኸው ነው፤ በእኛም በሰዎች ላይ አለ። ድመት በቀን ከአሥራ ሁለት እስከ አሥራ ስድስት ሰዓት ታርፋለች። ሰነፍ ሆና አይደለም። አዳኝ እንስሳ ናት፤ ሥራዋ ሲመሽና ሊነጋጋ ሲል ነው። ጉልበቷን በቀን ታጠራቅምና በዚያች ሰዓት ታወጣዋለች። ከእረፍቷም ብዙው ጆሮ የሚሠራበት ቀላል ሸለብታ ነው።

ከሰው ጋር የተወዳጀችውም በእህል ምክንያት ነው። በዘር ምርመራ እንደተረጋገጠው የዓለም የቤት ድመት ሁሉ የመጣው ከአፍሪካና ከመካከለኛው ምሥራቅ የዱር ድመት ነው። ሰው እርሻ ጀምሮ እህል ሲያከማች አይጥ መጣ፤ አይጥን ተከትላ ድመት መጣች። ቆጵሮስ ደሴት ላይ ከዘጠኝ ሺህ ዓመት በፊት ከነበረ ሰው አጠገብ የተቀበረች ድመት ተገኝታለች። የአባቴ ጎታና የቡሬ ነገር እንግዲህ የቢቸና ብቻ ጉዳይ አልነበረም።

ጠዋት ለልጅቷ የምመልሰውን አገኘሁ። የእናቴ ተረት ድመቷ አስመስላ ነው የምትተኛው ይላል። የፈረንጆቹ መጽሐፍ ድመቷ ምንም ሐሳብ ስለሌለባት ትተኛለች ይላል። ሁለቱም ግማሽ ግማሽ እውነት አላቸው። የእኔዋ ቡሬ ግን ተረኛ ናት። ተረኛ ነርስ በሌሊት ወንበር ላይ አገጯን ደገፍ አድርጋ ስታሸልብ እንደሚሆነው ነው። ዓይን ያርፋል፤ ጆሮ ግን ሦስተኛው አልጋ ላይ ያለውን በሽተኛ ትንፋሽ ይቆጥራል። ይህን እንቅልፍ ከማንም በላይ አውቀዋለሁ፤ ዕድሜዬን ተኝቼዋለሁ።

ማታ ልጅቷን አቀፍኋትና አዲስ ተረት ጀመርሁ።

«ተረት ተረት!»

«የላም በረት!»

«አንዲት ድመት ነበረች። ሥራዋ ቤት መጠበቅ ነው። ዓይኖቿንና ጆሮዎቿን ጠርታ ‹ሁላችሁም ሌት ከቀን ከሠራችሁ ትደክማላችሁ፤ በተራ እንሁን› አለቻቸው። ዓይኖቿ ‹እኛ ደክሞናል፣ እንተኛ› አሉ። ጆሮዎቿ ‹እኛ ተረኛ ነን፤ እናንተ ተኙ› አሉ። ከዚያ ወዲህ ድመት ዓይኗ ሲተኛ ጆሮዋ ይጠብቃል።»

«ኮሽ ቢልስ?»

«ጆሮ ይሰማል።»

«ከሰማስ?»

«ዓይንን ይቀሰቅሳል።»

«ከዚያስ?»

«ከዚያ አይጥ ከሆነ ትይዘዋለች። ነፋስ ከሆነ መልሳ ትተኛለች።»

ልጅቷ አሰበችና «ነፋስ ይበዛል አይደል?» አለችኝ። «አዎ፣ ልጄ፤ ነፋስ ይበዛል» አልኋት። ሁልጊዜ ነፋስ ነው ብዬ ልዋሻት አልፈለግሁም፤ አልጠየቀችኝምም።

ሁለታችን ሄደን ቡሬን ጠራናት። አልጋው ላይ ወጥታ ሁለት ጊዜ ዞረችና ተጠቀለለች። ልጅቷ ጣቷን አፏ ላይ አድርጋ ዝም እንድል ካዘዘችኝ በኋላ አንሶላውን በጥፍሯ ጫር አደረገችው። የቡሬ ጆሮ ዞረ። ዓይኗ አልተገለጠም። «ተረኛ ነው!» ብላ በደስታ አንሾካሾከች። ሦስቴ ሞከረችው። በአራተኛው ቡሬ ሰለቻትና ጆሮዋን በእጇ ሸፈነች። ልጅቷም ብዙ ሳትቆይ ተኛች።

በአንድ ተረት ሁሉ ነገር ተፈወሰ አልላችሁም። ከዚያም ወዲህ የባነነችባቸው ሌሊቶች ነበሩ። ለውጡ አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ስትባንን ቀድማ ወደ ድመቷ ታያለች። ድመቷ ከተኛች መልሳ ትጋደማለች። እናቷም ትንሽ እንቅልፍ አገኘች። ቢቸና ከተመለሱ በኋላ ደውላ የጠየቀችኝ የመጀመሪያው ነገር «እምዬ፣ ተረኛዋ ደህና ናት?» የሚል ነው።

እንደ እኔ የልጅ ልጅ ለምታስተኙ ከሙያዬ ጥቂት ልጨምር። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2019 ባወጣው መመሪያ ከአንድ እስከ ሁለት ዓመት ያለ ሕፃን የቀን ሸለብታውን ጨምሮ ከ11 እስከ 14 ሰዓት፣ ሦስትና አራት ዓመት የሆነው ደግሞ ከ10 እስከ 13 ሰዓት እንቅልፍ ያስፈልገዋል። የሚተኛበትና የሚነሣበት ሰዓት በየቀኑ ተመሳሳይ ቢሆን ይመረጣል። ከመኝታ በፊት ስልክ ከማስያዝ ተረት ይሻላል። ተረቱ ግን በልጁ መጠን ይሁን። የመነኮሰችው ድመት ተረት መልካም ተረት ነው፤ ልጅቷ ትምህርት ቤት ገብታ ጓደኛ መምረጥ ስትጀምር እነግራታለሁ።

ድመት ካላችሁም ጥቂት ጥንቃቄ አይጎዳም። ገና የተወለደ ሕፃን አልጋ ላይ አታስወጧት። ነፍሰ ጡር የሆነች ሴት የድመት ዓይነ ምድር አትጥረግ፤ በእሱ የሚተላለፍ ለጽንስ የሚያሰጋ ተውሳክ አለ። ያው ተውሳክ በጥሬ ሥጋም ይተላለፋልና በእርግዝና ወራት ከጥሬ ሥጋ መታቀብ ነው። ድመት ልጁን ብትነክሰው ወይም ብትቧጭረው፣ በተለይ የማታውቋት ከሆነች፣ ቁስሉን ወዲያው በሳሙናና በሚወርድ ውኃ አሥራ አምስት ደቂቃ እጠቡና በቀጥታ ወደ ጤና ተቋም ውሰዱት። የእብድ ውሻ በሽታ በድመትም ይመጣል፤ ምልክቱ ከታየ በኋላ ማዳን አይቻልም፤ ቀድሞ ከተከተቡ ግን ይከላከሉታል።

ለሌሊት ሠራተኛ እናቶችና አባቶች ደግሞ አንድ ቃል አለኝ፤ ለነርሷ፣ ለጥበቃው፣ ለሹፌሩ፣ ለዳቦ ጋጋሪው። ቀን ስትተኙ ልጆቻችሁ ከበሩ ማዶ ምን እንደሚያስቡ አታውቁም። እኔ ሠላሳ ዓመት ሙሉ የዘጋሁትን በር ብቻ ሳስታውስ ኖርሁ። ልጄ ደግሞ ገርበብ ያለውን በር ስታስታውስ ኖራለች። ብትችሉ በሩን ገርበብ አድርጋችሁት ተኙ።

ይህን ስጽፍ ቡሬ ጠረጴዛዬ ሥር ተኝታለች። ጓሮ በኩል አንድ ነገር ኮሽ አለ። ግራ ጆሮዋ ዞረና ተመለሰ። ነፋስ ነው መሰለኝ።